ሳይዝህ ስንት ነው? ብረት ለምታነሱ ልጆቼ

ክንዳችሁን ዘርጉ። በሌላው እጃችሁ ጣት ከክርናችሁ ጀምራችሁ፣ በትንሿ ጣት በኩል፣ እስከ እጃችሁ አንጓ ድረስ ዳብሱት። ምን አገኛችሁ? አጥንት። ቆዳ አለ፣ ከሥሩ ወዲያው አጥንት ነው። ሃያ ዓመት ብረት ብታነሱ እዚያ ቦታ ላይ ሥጋ አይበቅልም። እኔ ማንሳት ከጀመርኩ አርባ ዓመት ሊሞላኝ ነው፣ አልበቀለም።

ሰው ዱላ ሲሰነዘርበት ሳያስበው እጁን ወደ ፊቱ ያነሳል። ዱላው የሚያርፈው እዚያች አጥንት ላይ ነው። ፊዚዮቴራፒስት ስለሆንኩ እንዲህ ያለውን ስብራት ከብዙ ልጆች ጋር አስታምሜዋለሁ። አንዳንዱ ልጅ «ደረጃ ላይ ወድቄ ነው» ይለኛል። እሺ እለዋለሁ። ደረጃ ላይ የወደቀ ሰው ግን መዳፉን ነው መሬት የሚያስነካው። ብዙ ጊዜ የሚሰበርበትም ሌላው አጥንት ነው፣ በአውራ ጣት በኩል ያለው። አጥንት አይዋሽም። ልጁ ደረተ ሰፊ፣ ጠብደል ሊሆን ይችላል። ክንዱ ግን እንደማንም ሰው ክንድ ነው የተሰበረው።

ጠዋት ጠዋት ጂም የማሠራችሁ ልጆች ጋሼ ትሉኛላችሁ። ፊት ለፊት ስንገናኝ የምናወራው ስለ ስኳት፣ ስለ እንቁላልና ስለ ወገብ ሕመም ነው። ይህኛው ግን ቆሞ የሚወራ አልሆነልኝም፤ ለዚህ ነው መጻፍ የመረጥኩት። መነሻው ባለፈው ወር አንድ ልጅ የጠየቀኝ ጥያቄ ነው። ወደ እሱ እመለሳለሁ።

ሀዲ ቾፓንን ታውቁታላችሁ። ስልካችሁ ላይ ፎቶውን የያዛችሁ አላችሁ። «የፋርስ ተኩላ» የሚሉት፣ በ2022 እ.ኤ.አ. ሚስተር ኦሎምፒያ የሚባለውን የሰውነት ግንባታ ውድድር ያሸነፈው ኢራናዊ። የመጣው በደቡብ ኢራን ካለው ከፋርስ ክፍለ ሀገር ነው። እኔ የምነግራችሁ ከዚያው ክፍለ ሀገር ስለወጣ ሌላ ስፖርተኛ ነው። የእሱ ፎቶ ስልካችሁ ላይ ያለ አይመስለኝም።

ናቪድ አፍካሪ ይባላል። የተወለደው በ1993 እ.ኤ.አ. ነው። ስፖርቱ ትግል ነው፣ ግሪኮ ሮማን የሚባለው፣ ከወገብ በታች መያዝ የማይፈቀድበት። በውድድር ሜዳሊያ ያገኘ ልጅ ነበር። በትግል ግን እንጀራ አይበላም። ቀን ቀን ልስን ይሠራ ነበር፣ እኛ ጂፕሰም ሠሪ የምንለው ዓይነት። ይህን ሳነብ ልጁን የማውቀው መሰለኝ። እኛም ጂም ከሥራ መልስ ፀጉሩና ቅንድቡ ላይ ነጭ አቧራ ይዞ የሚመጣ ልጅ ጠፍቶ አያውቅም። «ታጠብ እንጂ!» ብዬ የምቆጣው።

በ2018 እ.ኤ.አ. የኢራን ገንዘብ ወደቀ። አሜሪካ ከኑክሌር ስምምነቱ ወጥታ ነበር። ሪያል በየሳምንቱ ዋጋ እያጣ፣ የገበያው ዋጋ እየናረ፣ ሰው ኑሮ ሲከብደው አደባባይ ወጣ። የናቪድ ከተማ ሺራዝም ሰልፍ ነበረባት። በዚያው ሰሞን፣ ኦገስት 2 ቀን፣ ሐሰን ቶርክማን የሚባል የውሃና ፍሳሽ መሥሪያ ቤት የጥበቃ ሠራተኛ ሺራዝ ውስጥ በስለት ተወግቶ ሞተ። ያም ሰው ነው፣ ያም ቤት ነበረው። ስለ ናቪድ የሚያወሩ ብዙዎች እሱን ይዘነጉታል። እኔ እንድትዘነጉት አልፈልግም።

በሴፕቴምበር ናቪድና ወንድሙ ቫሂድ ታሰሩ። ቆይቶ ሦስተኛው ወንድማቸው ሀቢብ ተጨመረ። ናቪድ ገድሏል ተባለ። በምርመራ ላይ አምኗል ተባለ። እሱ ግን ፍርድ ቤት ሲቆም ቃሉ በግርፋት የወጣ መሆኑን ተናገረ። ምን እንዳደረጉት በደብዳቤ ጻፈው። በዱላ እንደደበደቡት፣ ጭንቅላቱ ላይ ፌስታል አጥልቀው ትንፋሽ እስኪያጥረው እንዳቆዩት፣ አፍንጫው ውስጥ አልኮል እንዳፈሰሱበት። ባለሥልጣናቱ አላሰቃየነውም አሉ። እናታቸው በቪዲዮ ወጥታ፣ ልጆቼን አንዱን በሌላው ላይ እንዲመሰክር አስገደዷቸው ብላ ለዓለም ተናገረች። ናቪድ ሞት ተፈረደበት። ቫሂድ 54 ዓመት፣ ሀቢብ 27 ዓመት።

ከእስር ቤት ድምፁን ቀድቶ አወጣ። ቃል በቃል አልጠቅስላችሁም፤ ሐሳቡ እንዲህ ነው፦ ከተሰቀልኩ፣ ለመደመጥ ባለ በሌለ ኃይሉ የታገለ ንጹሕ ሰው እንደተሰቀለ እወቁ። ሌላም ነገር ብሏል። ለገመዳቸው አንገት እየፈለጉ ነው አለ።

እዚህ ላይ ነው እኔ ንባቤን ያቆምኩት። ትግል የሚሠራ ልጅ ከሁሉ አብልጦ የሚገነባው አንገቱን ነው። ጭንቅላቱን መሬት ላይ ተክሎ፣ እግሩን ዘርግቶ፣ ሰውነቱን በአንገቱ ይሸከማል። ድልድይ ይባላል። ተጋጣሚው ጀርባውን መሬት እንዳያስነካው የሚያድነው እሱ ነው። የታጋይ አንገት ከጆሮው ሥር ቀጥ ብሎ ወደ ትከሻው ይወርዳል፣ ኮሌታ አይዘጋለትም። ያ ልጅ «አንገት» ሲል ምን እንደሚል ያውቃል። ያን ያህል ዓመት ለዚያ ነገር አልነበረም የደከመበት።

ዓለም ዝም አላለም፣ ይህን ልመስክር። 85,000 ስፖርተኞችን የሚወክለው የዓለም ተጫዋቾች ማኅበር፣ ናቪድ ከተገደለ ኢራን ከዓለም ስፖርት ትባረር አለ። የያኔው የዓለም አቀፉ ኦሎምፒክ ኮሚቴ ፕሬዚዳንት ቶማስ ባህ ምሕረት ለመነ። ዶናልድ ትራምፕ ሳይቀር ትዊት አደረገ። የመንግሥት ቴሌቪዥን ደግሞ ልጁ ሲያምን የሚያሳይ ቪዲዮ አሰራጨ። ሴፕቴምበር 12 ቀን 2020፣ ቅዳሜ ጠዋት፣ ሺራዝ አዴላባድ እስር ቤት ውስጥ ተሰቀለ። ዕድሜው 27 ነበር። ጠበቃው እንደተናገረው ሕጉ የሚፈቅደውን የመጨረሻ የቤተሰብ ስንብት እንኳ ከለከሉት። በዚያው ሌሊት በጥበቃ ታጅቦ ገጠር መንደር ውስጥ ተቀበረ።

ከሁለት ዓመት በኋላ በሌላ ተቃውሞ፣ ማህሳ አሚኒ የምትባል ወጣት በፖሊስ እጅ ሳለች በመሞቷ የተነሳው፣ ሌላ ልጅ ተያዘ። መሐመድ መህዲ ካራሚ፣ የካራቴ ሻምፒዮን። አባቱ መንገድ ላይ ሶፍት እየሸጠ ያሳደገው። የሞት ፍርዱን ሲሰማ ለአባቱ ደውሎ «ለእማማ እንዳትነግራት» ነው ያለው። ጃንዋሪ 7 ቀን 2023 ተሰቀለ። ቀኗን ያዟት፣ እንፈልጋታለን።

ይህን ሁሉ ያወራሁት ጡንቻ ከሞት አያድንም ለማለት አይደለም። እሱን ማንም ያውቀዋል። ሰልፍ ውጡ ወይም አትውጡ ልላችሁም አይደለም። ያ የህሊናችሁ ነው፣ እኔ የማንም ህሊና አሠልጣኝ አይደለሁም። እኔን ያሳሰበኝ ሌላ ነው። ሰውነታችሁ ሲያምር፣ ትከሻችሁ በር ሲሞላ፣ ሊዋሳችሁ የሚመጣ ሰው አይጠፋም። አንዱ ቡጢያችሁን ይፈልጋል። ሌላው ከእናንተ ጋር ፎቶ መነሳት ይፈልጋል። ናቪድን የያዙት ደግሞ ምላሱን ነበር የፈለጉት። አንድ ጊዜ አበደራቸው፣ ያውም ተገርፎ። ቀሪዋን ዕድሜውን ያንኑ መልሶ ለመውሰድ ታገለ።

ኢራኖች ስለዚህ ነገር ከእኛ ቀድመው ብዙ አስበውበታል። ዙርኻኔህ የሚባል ቤት አላቸው። ትርጉሙ የጉልበት ቤት ማለት ነው። የጥንት ጂም በሉት። መሐሉ ላይ ስምንት ማዕዘን ያለው ጉድጓድ አለ፣ ስፖርቱ የሚሠራው እዚያ ውስጥ ወርደው ነው። ትልልቅ የእንጨት ዱላ በትከሻቸው ዙሪያ ያሽከረክራሉ። ከፍ ያለ ቦታ ላይ የተቀመጠ ሰው ከበሮ እየመታ ግጥም ያወርድላቸዋል፣ እነሱ በዚያ ምት ይሠራሉ። እንግዲህ እኛ በየጂሙ በሚጮኸው ሙዚቃ ስንጨቃጨቅ! የዙርኻኔህ በር ደግሞ ዝቅ ያለ ነው። ጎንበስ ሳትል አትገባም። ሆን ተብሎ ነው እንዲያ የተሠራው። ፓህላቫን የሚሉት ጀግና ጉልበትም ትሕትናም ሊኖረው ይገባል። ዩኔስኮ በ2010 እ.ኤ.አ. በቅርስነት መዝግቦታል።

ከዚህ ቤት የወጡ ሁሉ ግን ጎንበስ አላሉም። ሻባን ጃፋሪ የሚባል ነበር፣ የቴህራን ጉልቤ። ቅጽል ስሙ «አእምሮ የለሽ» ነው፣ የአገሩ ሰው ነው ያወጣለት። በ1953 እ.ኤ.አ. መጀመሪያ ላይ በጠቅላይ ሚኒስትር ሞሳዴቅ ቤት ላይ ከዘመቱት አንዱ ሆኖ ታሰረ። በዚያው ዓመት ኦገስት 19፣ የአሜሪካና የእንግሊዝ የስለላ ድርጅቶች እጅ ያለበት መፈንቅለ መንግሥት ሞሳዴቅን ሲጥል፣ ሻባን በዚያው ቀን ከእስር ወጥቶ ከጎዳናው ግርግር ተቀላቀለ። ሻሁ፣ የኢራን ንጉሥ ማለት ነው፣ አልረሳውም። ቴህራን ውስጥ ትልቅ ዙርኻኔህ ኖረው። ለሻሁ ልደት፣ ለውጭ እንግዶች፣ ጡንቻውንና ልጆቹን እያሰለፈ ያሳይ ነበር። በ1979 አብዮቱ ሲመጣ ያ ሁሉ ሄደ። ተሰደደ። ካሊፎርኒያ ውስጥ በ2006 እ.ኤ.አ. ሞተ። የሞተበት ቀን ኦገስት 19 ነው። እግዜር አንዳንዴ ቀን አቆጣጠር ላይ ይቀልዳል።

በዚያው ዘመን፣ በዚያው ከተማ፣ ጎላምሬዛ ታኽቲ ነበር። የደሃ ሰፈር ልጅ። በ1956 እ.ኤ.አ. ሜልቦርን ላይ በትግል ወርቅ፣ በ1952 ሄልሲንኪና በ1960 ሮም ብር አገኘ። ሻሁ ሊታይ የሚፈልገው እንዲህ ካለ ሰው ጋር ነው። ታኽቲ ግን የሞሳዴቅ ደጋፊ ነበር፣ አልደበቀውም። በ1962 ቡይን ዛህራ የሚባለው አካባቢ በመሬት መንቀጥቀጥ ሲፈርስና ከ12,000 በላይ ሰው ሲያልቅ፣ የቴህራን ጎዳና ላይ በእግሩ ወጥቶ ለተጎጂዎች ለመነ። የኦሎምፒክ ሻምፒዮን! ሰው ብርድ ልብሱንም ገንዘቡንም እያመጣ ሰጠው። ለመንግሥት የማይሰጠውን ለእሱ ሰጠው።

ስለ እሱ የሚወራ አንድ ነገር አለ። ከሶቪየቱ ሜድቬድ ጋር ሲጋጠም ሰውየው አንድ ጉልበቱን ታሞ ነበር፤ ታኽቲ ያንን እግር ሳይነካ ታገለ ይባላል። እውነት ይሁን የሕዝብ ወግ አልከራከርም። እኔ የጉልበት ሐኪም ቢጤ ስለሆንኩ እውነት ቢሆንልኝ ደስ ይለኛል።

ታኽቲ ጃንዋሪ 7 ቀን 1968 ቴህራን ውስጥ አንድ ሆቴል ክፍል ሞቶ ተገኘ። 37 ዓመቱ ነበር፣ ገና የጥቂት ወራት ልጅ ነበረው። ራሱን አጠፋ አለ መንግሥት። ሕዝቡ አላመነም፣ እስከ ዛሬም የማያምን ብዙ ነው። ቀኗን ያዟት ብያችሁ ነበር። ካራሚ የተሰቀለው ልክ በ55ኛው ዓመት ነው።

ስለ ሮም ካነሳሁ አንድ ነገር ልጨምር፣ ከወሬዬ ቢያስወጣኝም። በ1960ው ኦሎምፒክ የትግል ውድድሩ የተካሄደው ማክሴንቲየስ ባዚሊካ በሚባለው ጥንታዊ ፍርስራሽ ውስጥ ነበር። አበበ ቢቂላ በባዶ እግሩ የገባበት የቆስጠንጢኖስ ቅስት ከዚያ በእግር የደቂቃዎች መንገድ ነው። ታኽቲ ብሩን ያጠለቀበትና አበበ ወርቁን ያመጣበት ቦታ ጎረቤት ነው ማለት ነው። ይህን ካወቅኩ ወዲህ ሁለቱን ለይቼ ማሰብ አልቻልኩም።

ሜልቦርን ላይ ደግሞ ማሞ ወልዴ ነበር። ታኽቲ ወርቅ ባገኘበት በ1956ቱ ጨዋታ ኢትዮጵያ ለመጀመሪያ ጊዜ ስትካፈል ማሞ ሮጧል። ከዚያ በ1968 ሜክሲኮ ላይ ማራቶን ወርቅ፣ በ1972 ሙኒክ ላይ ነሐስ። ይህን ከትምህርት ቤት ታውቁታላችሁ። ቀጥሎ ያለውን ግን ሲወራ ብዙም አልሰማም። ደርግ ከወደቀ በኋላ ማሞ በቀይ ሽብር ግድያ ተከሶ ታሰረ። እሱ የሰጠው ቃል እንዲህ ነው፦ ታዝዤ ነው የሄድኩት፤ ልጁን ሌላ ሰው ተኩሶ መታው፤ አንተም ተኩስ ስባል ሆን ብዬ ሳትኩ። ፍርድ ቤቱ ጥፋተኛ አለውና በ2002 እ.ኤ.አ. ስድስት ዓመት ፈረደበት። ዘጠኝ ዓመት ያህል ታስሮ ስለነበር ተለቀቀ። ወራት ሳይቆይ በዚያው ዓመት ሞተ።

እኔ እንደገና ልፈርድ አልተነሳሁም። የሞተው ልጅም የሰው ልጅ ነው። የሚያስፈራኝ ያቺ ትእዛዝ ናት። በዓለም ያሉ ሜዳሊያዎች «ና፣ ተከተለኝ» ሲባል እምቢ ለማለት አልጠቀሙትም። ማን ይናገር የነበረ።

እኔም ሰውነቴን አበድሬ አውቃለሁ። ይህንን ለቤተሰቤ እንኳ ዘግይቼ ነው የነገርኩት።

የዛሬ ሠላሳ ዓመት ግድም ነው። ያኔ ጂም ማለት የአንድ ሰው ግቢ፣ በወተት ቆርቆሮ ሲሚንቶ ሞልተን በቧንቧ ብረት ያያያዝነው ክብደት፣ ግድግዳው ላይ ከመጽሔት ተቀዶ የተለጠፈ የሽዋርዘኔገር ፎቶ። ሁለቱ ቆርቆሮ እኩል ስለማይመዝን ባሩ ሁልጊዜ ወደ ግራ ያዘነብላል። ግራ ትከሻዬ እስከ ዛሬ ዝቅ ያለው ለዚያ ነው። አንድ ሐሙስ ሁለት ሰዎች መጡ። ጠንካራ ልጆች እንፈልጋለን አሉ፣ ለቅዳሜ፣ አንድ ስብሰባ በር ላይ ለመቆም። የማን ስብሰባ እንደሆነ ይቅር። ለቀኑ 50 ብር። ያኔ 50 ብር ብር ነበር። አንደኛው ወረቀት አውጥቶ አንድ በአንድ ጠየቀን። «ሳይዝህ ስንት ነው?» ለቲሸርቱ ነው። ጥቁር ቲሸርት። ኤክስ ላርጅ አልኩ፣ እየኮራሁ። ስሜን አልጠየቀኝም። ያኔ ይህ ነገር አልታየኝም።

ቅዳሜ በሩ ላይ ቆምን። እኩለ ቀን ላይ የማይፈለጉ ሰዎች ሊገቡ ነው ተባለና ግፉ ተባልን። ገፋን። ማን እንደሚፈለግ ማን እንደማይፈለግ የነገረን የለም። ከፊቴ ያሉ ሽማግሌ ነበሩ፣ ነጠላቸውን አጣፍተው፣ መነጽራቸውን በክር አንገታቸው ላይ አንጠልጥለው። ሁለት እጄን ደረታቸው ላይ አድርጌ ገፋኋቸው። ያን ያህል ኃይል አልተጠቀምኩም። ቤንች ላይ እንደምሠራው በቁጥብ ነው። እሳቸው ግን ወፍ ነበሩ፣ ምንም አይመዝኑም። ወደቁ። የመነጽራቸው አንዱ መስታወት ወጥቶ እግሬ ሥር መጣ። ጎንበስ ብዬ አነሳሁና ሰጠኋቸው። ተቀበሉኝ። ከዚያ መሬት እንደተቀመጡ ቀና ብለው አዩኝና «አንተ ልጅ፣ የማን ልጅ ነህ?» አሉኝ።

በእኛ አገር ይህ ጥያቄ ምን ማለት እንደሆነ አስረዱኝ አትሉኝም። የአባቴ ስም አፌ ላይ መጣ። ማውጣት አልቻልኩም። አባቴ ያኔ በሕይወት ነበር፣ እድር ላይ ሰው የሚያከብረው ሰው ነበር። በዚያ ቲሸርት ላይ ስሙን መጥራት አቃተኝ። ዝም አልኩ። እሳቸው አልሰደቡኝም። ቢሰድቡኝ ይሻለኝ ነበር።

ማታ 50 ብሬን ሰጡኝ። አላስፈረሙኝም። ጥቁሩን ቲሸርት ደግሞ መልስ አሉኝ!

ከዚያ ወዲህ አንዲት ቀላል መለኪያ አለችኝ፣ ለእናንተም የማወርሳት እሷን ነው። ሰው ለሥራ ሲጠራችሁ ምን እንደሚጠይቃችሁ ስሙት። የደኅና ድርጅት ጥበቃ ልትቀጠሩ ስትሄዱ ስም ይጠይቃሉ፣ መታወቂያ ይጠይቃሉ፣ ዋስ አምጣ ይላሉ፣ ያሰለቻሉ። መሰልቸቱ ጥሩ ነው። አንድ ነገር ብታጠፉ ስማችሁ አለ፤ አንድ ነገር ብትሆኑም ስማችሁ አለ። ሳይዛችሁን ብቻ የሚጠይቅ ግን የፈለገው ሥጋችሁን ነው። ስማችሁ ያልተጻፈበት ቦታ ላይ ብትገድሉም ብትሞቱም የማንም ልጅ አይደላችሁም።

አደባባይ የምትወጡትም፣ በራሳችሁ ስም ውጡ። ብዙ ጊዜ አይቻለሁ፣ ትልቁን ልጅ ከፊት ያደርጉታል። «አንተ ጠንካራ ነህ፣ አንተ ቅደም» ይሉታል። ጠንካራ መሆኑ ከፊት የሚያቆም ምክንያት አይደለም። ትልቅ ሰውነት ከሩቅ ይታያል፣ ካሜራም ይለየዋል፣ ዱላም ይለየዋል። ክንዳችሁ ላይ የዳበሳችኋትን አጥንት አስታውሱ። ራሳችሁ አምናችሁበት ከፊት ከቆማችሁ ሌላ ነገር ነው። ሰው ገፍቶ ካቆማችሁ ግን እሱ የት እንደቆመ ዞር ብላችሁ እዩ።

የጡንቻ ማሳደጊያ መርፌ በዱቤ የሚሰጣችሁንም እንዲሁ። «አሁን ውሰድ፣ ስታሸንፍ ትከፍላለህ» የሚል ሰው ጂም ውስጥ አይጠፋም። ስለ ጉበትና ስለ ልብ በሌላ ቀን እጮኽባችኋለሁ። ዛሬ ስለ ዕዳው ነው። እሱ ዕዳ በብር አይከፈልም። አንድ ቀን «እስቲ ለአንድ ጉዳይ ልጆች ይዘህ ና» ይላችኋል፣ እምቢ ማለት ያቅታችኋል።

ለዚህ ነው ሌላ ሙያ ይኑራችሁ እያልኩ የምነዘንዛችሁ። ናቪድ ልስኑ ነበረው። በሰውነቱ ብቻ የሚበላ ሰው ሰውነቱን ማከራየት ይጀምራል። ሻባንን ከጠላቱት በኋላ እዘኑለትም። የገዛ ዙርኻኔሁን ያገኘው በስጦታ ነበር። ሰጪው ሲወድቅ እሱም ወደቀ።

አሁን ወደ ልጁ።

ባለፈው ወር አንድ ዓርብ፣ ማታ ነው፣ ጂሙ ሊዘጋ ሲል አንዱ ልጅ ቀረ። ጥሩ ልጅ ነው። ቀን አሉሚኒየም ይሠራል፣ ማታ ብረት ያነሳል። ጫማውን እያሰረ፣ ቀና ሳይል፣ «ጋሼ፣ ነገ ሥራ ተገኝቶ ነበር» አለኝ። ምን ሥራ አልኩት። «በር ላይ መቆም ነው። ሁለት ሺህ ብር። ምንም የለውም አሉኝ።» ከዚያ ጥያቄውን ጠየቀኝ። «ልሂድ?»

ያ ሁሉ ሠላሳ ዓመት ጉሮሮዬ ላይ መጣ። ስለ ሽማግሌው ልነግረው ፈለግኩ፣ አልነገርኩትም። አንድ ነገር ብቻ ጠየቅኩት።

«ስምህን ጻፉ?»

አሰበ። «ኧረ አልጻፉም። የቲሸርት ሳይዜን ነው የጠየቁኝ» አለኝ። ከዚያ ማሰሪያውን አጥብቆ ደህና እደሩ ብሎኝ ወጣ።

ሰኞ ማታ በሰዓቱ መጣ። ሄደህ ነበር ወይ አላልኩትም። እሱም አልነገረኝም። ባሩን ሲይዝ ግን ከሁሉ በፊት እጆቹን አየሁ፣ ከአንጓው እስከ ክርኑ፣ በትንሿ ጣት በኩል። ምንም የለም። ከዚያ ሥር ገብቶ ሲያነሳ ከጎኑ ቆሜ አስራ ሁለት ቆጠርኩለት።